ውሃ አልጠጣም ያለች መሬት

እናንተዬ፣ ሰው ሲኮራ አይታችኋል፤ በቅሎም ስትኮራ አይታችኋል። መሬት ስትኮራ አይታችሁ እንደሆነ ግን እንጃ። እኔ አይቻለሁ። ውሃ ሲሰጧት አልጠጣም ብላ ፊቷን ያዞረች መሬት ነበረችን፤ ያውም ለጎጆ መውጫ የተሰጠችን።

ነገሩ በጠላት ጊዜ ነው። እኔ ያን ጊዜ ገና ሙሽራ ነኝ፤ የእጄ እንሶስላ እንኳ በቅጡ አልለቀቀም። ባለቤቴ ወልዴ ይባላል። ዝምተኛ ሰው ነው፤ አንድ ቃል ሊናገር ሲል ጉሮሮውን መጥረግ ይጀምራል፣ ጠርጎ ሲጨርስ ወሬው አልፎበት ይገኛል። የምንኖረው ከደብረ ብርሃን ወደ አንኮበር ሲኬድ፣ ሜዳው አልቆ ገደሉ ሊጀምር ሲል ካለች መንደር ነው። ብርዱን አታንሱብኝ። የዚያ አገር ሰው የሚያገባው ለፍቅር ሳይሆን ለጀርባው ሙቀት ነው እያሉ ያሙናል፤ እኔ ሐሜት ነው አልልም።

የወልዴን እናት እሜቴ እላቸዋለሁ። ደግ ሴት ነበሩ፣ ነፍሳቸውን ይማር። ደግነታቸው ግን ድምፅ ነበረው። ዶሮ ሳይጮህ ይነሱና ያልተነሳውን ሰው በስሙ እየጠሩ ለእግዜር ያሳጡታል። ወጥ ሳማስል ከኋላዬ ቆመው “በግራ በኩል ያለውን ረሳሽው” ይላሉ። ስለዚህ የራሳችን ጎጆ ተቀልሶ፣ በሩን ዘግቼ ያደርኩ ዕለት፣ ገነት ማለት ለካ በር ያለው ቤት ነው አልኩ። ያቺን በር ለማትረፍ ስንት እንዳየሁ ነው የማወራችሁ።

ከጎጆዋ ፊት ለፊት ያለችው መሬት መረሬ ናት። መረሬን ታውቁታላችሁ፤ ጥቁር ነው፣ ሲረጥብ እንደ ሙጫ ይይዛል፣ ሲደርቅ እግር የሚውጥ ስንጥቅ ያወጣል። በዚያ መስከረም፣ መሬቷ የክረምቱን ውሃ ገና ሳትጨርስ፣ ጣሊያን መጣና ከነገብሷ ሰፈረባት። ድንኳኑ፣ በቅሎው፣ ካሚዮኑ ሁሉ እሷ ላይ። ሲደክማቸው ደግሞ ኳስ ይራገጡባታል። እርጥብ መረሬን በካሚዮን መመላለስ ማለት ሊጥን በመዳፍ እየጠፈጠፉ ቂጣ ማድረግ ነው። ኅዳር ላይ ድንኳናቸውን ነቅለው ወደ ከተማው ምሽግ ሄዱ።

እውነቱን ልንገራችሁ፣ ሲሄዱ መሬቷን አይቼ ደስ አለኝ። ስንጥቅ የለ፣ ጓል የለ፣ ሣር የለ፤ ወለል ብላ ተኝታለች! እኔን እናቴ ያስተማረችኝ ሙያ ሁሉ ቀዳዳ መድፈን ነው። ግድግዳ መምረግ፣ ወለል መለቅለቅ፣ ጎተራ መለቅለቅ፤ ነፋስ እንዳይገባ፣ አይጥ እንዳይገባ፣ ውሃ እንዳይገባ። እንዲህ ያለች ልስልስ ሜዳ ሳይ እጄ አላስችል አለው። እበት በጥብጬ ወጣሁና፣ ሰው ቤቱን ይለቀልቃል፣ እኔ ማሳ ለቀለቅሁ።

እሜቴ መጥተው አዩ። በእግራቸው መታ መታ አደረጓት። “ይህማ አውድማ ነው!” አሉ። “እኛ ለአንዲት አውድማ ስንቱን ቀን ከብት ስናስረግጥ እንከርማለን፣ ይቺ ልጅ በአንድ ጠዋት!” ካገባሁ ወዲህ ያመሰገኑኝ ያን ቀን ነው። ሰማይ የደረስኩ መሰለኝ። የሳቸው ገብስ እዚያው ተወቃ። ቀጥሎ የጎረቤቱ፣ ቀጥሎ የጎረቤት ጎረቤት። በሬው ሲሽከረከርባት፣ ሰው ሲረግጣት፣ እኔም በየማለዳው ስለቀልቃት ጥር አለቀ። አንዲት ፍሬ ገብስ አትጠፋባትም ነበር። የት ትግባ? ቀዳዳ የላትማ።

ከዚያ የበልግ ዝናብ መጣ።

ከእኛ ዝቅ ብሎ የመምሬ ደምሴ ቤት አለ፤ የደብሩ ቄስ ናቸው። በዚያ ሰሞን ማኅበር ደርሶባቸው ለጠላው ብቅል አብቅለው፣ ቅጠል ላይ አስጥተው፣ ከመሬት አነጥፈውታል። ዝናቡ ከእኛ መሬት ላይ ወረደ፤ መሬቷ አንዲት ጉንጭ አልቀመሰችም። ውሃው ዙሪያውን አየ፣ መግቢያ አጣ፣ ቁልቁል ሄደ፣ የመምሬን በር ከፍቶ ገባ፣ ብቅሉን ይዞ በጓሮ ወጣ። መምሬ ኩታቸውን ሰብስበው፣ እስከ ቁርጭምጭሚታቸው ጭቃ ሆነው ከደጃችን ቆሙ።

“ወልዴ!” አሉ። “ኖኅ እንኳ አስቀድሞ ተነግሮት ነው!”

ወልዴ ጉሮሮውን መጥረግ ጀመረ።

ነገሩ ሽማግሌ ፊት ቀረበ። አንዱ ሽማግሌ “ውሃው ከሰማይ ነው የመጣው፣ ሰማይን ጥሩት” አሉ። ሌላው “ከሰማይ እስከ መሬት ያለው የእግዜር ነው፣ ከመሬቱ ወዲህ ያለው የወልዴ ነው” አሉ። ሦስተኛው ደግሞ ብቅሉ የት እንደ ደረሰ ካልታወቀ ጠፋ አይባልም ብለው ሊከራከሩ ሲሉ መምሬ በመስቀላቸው አስቆሟቸው። መጨረሻ ላይ “መሬታችሁ ውሃዋን ራሷ ትጠጣ” ተብሎ ተፈረደብን። ይህን የፈረዱ ሰዎች እንዴት እንደምትጠጣ አልነገሩንም። እሜቴ ደግሞ ተነስተው በሰው ፊት ጨመሩበት፤

“ዘንድሮ ከዚች መሬት ገብስ ካልገባ፣ ጎጆውን ዘግታችሁ እኔ ዘንድ ትገባላችሁ። ሁለት ምድጃ የሚያነድ እህል የለንም።”

ሽማግሌዎቹ “መልካም አሉ” አሉ። እኔ የጎጆዬን በር አሰብኩ።

በማግሥቱ ወልዴ ጠመደ። ማረሻው መሬቷ ላይ እንደ በረዶ ሸርተት አለ። ተጭኖ ሲገፋ ድግሩ ተሰበረ። በሬዎቹ ተያዩና አንደኛው ተኛ፤ አልፈረድኩበትም። ወልዴም ከበሬው አጠገብ ተቀመጠ።

እኔ ግን ነገሩ አልገባኝ አለ። እንስራ ውሃ ተሸክሜ ሄድኩና ከመሃሏ አፈሰስኩ፤ ከዚያ ቁጭ ብዬ ጠበቅሁ። ውሃው ሰሐን ላይ እንዳለ ቆሞ ሰማዩን ያያል፣ እኔ እሱን አያለሁ። መምሬ በዚያ ሲያልፉ “ልጄ፣ ምን እያደረግሽ ነው?” አሉ።

“ትጠጣ እንደሆነ እያየሁ ነው አባቴ።”

“እህ። መስቀል ላሳርፍብሽ?”

“ለእሷ ነው ለእኔ?”

“ለሁለታችሁም” አሉና ባርከውን ሄዱ።

የተረፈውን ውሃ ተናድጄ ከአጥሩ ሥር ደፋሁት፤ የመረሬው ጫፍ ከአጥሩ ሥር ያልፋል፣ ያው አፈር ነው። እናንተዬ! ሳልጨርስ ጠፋ። የጠማው እንግዳ እንኳ እንዲያ አይጠጣም። በእጄ ጫር አደረግሁት። አፈሩ ፍርፍር፣ ፍርፍር ይላል፤ ሥር የሄደበት ቀዳዳ አለ፣ ትል የገባበት መንገድ አለ፣ ቅጠል በስብሶ የያዘው ለስላሳ ነገር አለ። ቤት ነው! በር አለው፣ ጓዳ አለው፣ መተላለፊያ አለው። ለካ እኔ በጋውን ያንን ሁሉ በር ስደፍን ነው የከረምኩት። ሄጄ ለእሜቴ አሳየኋቸው፤ ጭብጥ አፈር በነጠላዬ ቋጥሬ። አሸተቱት።

“መሬት ካልተነፈሰች ምን ትጠጣለች?” አሉ። “የጣሊያን ካሚዮንና የአንቺ እበት አንገቷን አንቀዋታል።”

አውድማውን ማን እንዳመሰገነ አላነሳሁም። ምራት ነኛ።

“አሁን ሣር በቅሎ ሥሩ እስኪከፍታት ዓመት ከዓመት አንጠብቅም” አሉ ቀጥለው። “መጋየት አለባት። እሳት ለጊዜው ያላላታል፤ ሁለት ዓመት ገብስ ትሰጥና ከዚያ ለሣር ትለቀቃለች።”

አፈር ማጋየት ለእኛ አገር አዲስ አይደለም። ቅርፊቱን በዶማ ታነሳላችሁ፣ ጓሉ ሲደርቅ እየከመራችሁ በየክምሩ ሆድ ኩበት ትከታላችሁ፣ በአፈር ትሸፍኑና በአንዲት ቀዳዳ እሳት ትለኩሳላችሁ። ውስጥ ውስጡን ሰንበት ብሎ ይጋያል። ያ ሙጫ የመሰለ መረሬ እንደ ተቆላ ገብስ ይላላል፣ በጣት ይፈረፈራል። ደቦ ተጠራ። ዶማውን ይዘው ቀድመው የመጡት መምሬ ናቸው፤ ብቅል የተወሰደበት ሰው አቆፋፈሩ ሌላ ነው። ግንቦት ላይ ማሳው በክምር ተሞላ፣ እሳት ተለኮሰ፣ ጭሱ ሜዳውን ሞላው። ወልዴ “እንግዲህ ራሱ ይሠራል” ብሎ አህያውን ጭኖ ጨው ሊያመጣ ወደ አሊዩ አምባ ገበያ ወረደ። ወንድ ልጅ ነገር በሚመጣበት ቀን ገበያ መሄድ ያውቅበታል።

ከምሽጉ ሆኖ ያንን ሁሉ ጭስ ያየ ጣሊያን ምን ይበል? አርበኛ ሰፍሯል አለ። አንድ ካሚዮን ሙሉ ሶላቶ ከነአለቃቸው መጡ። አለቃው ፊቱ ቀይ ነው፤ ከጎኑ አንድ ወጣት አስተርጓሚ ቆሟል። እኔና እሜቴ ብቻ ነን።

“አለቃው ይህ ጭስ ለማን ምልክት ነው ይላል” አለ አስተርጓሚው።

“ለማንም። አፈር እያጋየን ነው” አልኩ።

ዞር ብሎ አለቃውን አየና ድምፁን ዝቅ አደረገ። “እኅቴ፣ አፈር እያቃጠሉ ነው ብዬ ብነግረው የሚያቃጥለው እኔን ነው። ሌላ ነገር ስጪኝ።”

እሜቴ ምርኩዛቸውን ተክለው ወደ እሱ ቀረቡ። “የማን ልጅ ነህ አንተ?”

“እሜቴ፣ አሁን የዘር ቆጠራ ጊዜ አይደለም።”

“የየት አገር ሰው ነህ ነው ያልኩህ።”

“የሰላ ድንጋይ።”

“ሰላ ድንጋይ አፈር አይጋይም? አባትህ ገብሱን የሚያበቅሉት በጸሎት ነው?”

አንገቱን ደፋ። “ይጋያል እሜቴ።”

“እንግዲያው ንገረው። ያሳመማት የእሱ ካሚዮን ነው በለው። በመስከረም ጭቃ ማሳ ላይ የሚነዳ ሰው እናቱ ምን አስተምራዋለች በለው። እኛ ትንፋሿን እየመለስንላት ነው በለው።”

ልጁ ወደ አለቃው ዞሮ ሁለት ቃል ተናገረ። ሁለት ቃል! የእሜቴን ንግግር ሁሉ በሁለት ቃል የሚጨርስ ቋንቋ መኖሩን ያን ቀን አወቅሁ፤ ምነው እሳቸው በተማሩት ብዬም ተመኘሁ። አለቃው በዱላው አንዱን ክምር ወጋ። ዱላው ጫፉ ላይ እሳት ይዞ ወጣ። አወዛውዞ አወዛውዞ አጠፋውና ብዙ ተናገረ።

“ከቤት የሚወጣ ጭስ ይፈቀዳል፣ ከሜዳ የሚወጣ ጭስ አይፈቀድም ይላል” አለ አስተርጓሚው። “ነገ ከሜዳው ጭስ ካየ ያቺን ጎጆ ያቃጥላታል።”

ያሳየው የእኔን ጎጆ ነው።

ሲሄዱ ከደጃፌ ተቀምጬ ነገሩን ማስላት ጀመርኩ። እሳቱን ብናጠፋ አፈሩ ግማሹ ጥሬ ይቀራል፤ ሌላ ኩበት የለንም፣ ሰኔም ከደጅ ነው። ብንተወው ጎጆዬ ትነዳለች። በዚህም ቢሉ በዚያ እሜቴ ቤት ልገባ ነው። እሜቴ ግን ከንፈራቸውን እየነከሱ ክምሮቹን ያያሉ።

“ጭስ ከቤት ይውጣ ነው ያለው?”

“አዎ እሜቴ።”

“እንግዲያው ቤት እንሥራለታ!”

ጎረቤት ተጠራ። ያረጀ የጣራ ሣር፣ የተቀደደ ገሣ፣ እንጨት፣ ያገኘውን ያላመጣ የለም። በየክምሩ ላይ ቁመቷ እስከ ወገብ የምትደርስ ጎጆ ተሠራ፤ ጭሱ በጣራዋ መሃል ቀስ ብሎ ይወጣል። መምሬ ለአንዷ ጉልላት እንዲሆን የተሰነጠቀ ማድጋ አምጥተው ደፉባት፣ ራቅ ብለው አዩና “ቤተ ክርስቲያን ቀርቷቸዋል” አሉ። አንዷ ጎጆ እሳት ይዛ ስትነድ “የማን ቤት ነው? የማን ቤት ነው?” እየተባለ ውሃ ይዘን ተሯሯጥን። እሜቴማ ሰፈሩን ተዋወቁት። “ያቺ ጭሷ የሚያንገላታት የሰነፍ ሴት ቤት ናት፣ እንጨቷን አታደርቅም” ይላሉ። በጎን ያለችው ደግሞ ሌሊቱን ሙሉ ስለምትጨስ ጠላ ሻጭ ናት ብለው ጠረጠሯት።

ወልዴ ከአሊዩ አምባ ሲመለስ ቤቱን አልፎ ሄደ። ከመምሬ ደጅ ደርሶ “አባቴ፣ ይህ የማን መንደር ነው?” ብሎ ጠየቀ። ጉሮሮውን ሳይጠርግ የተናገረው ያን ቀን ብቻ ነው።

ከምሽጉም ዝም አሉ። እሳቱ ክምሩን በልቶ በልቶ በራሱ ጊዜ ጠፋ። አፈሩ እንደ ሸክላ ቀላ፣ በጣት ሲይዙት ፈረሰ። አብዛኛውን በተንን፣ ወልዴም አረሰው፤ ማረሻው እየዘለቀ ገባ። የመጀመሪያው የሰኔ ዝናብ ጣለ። ከዳር ያሉትን ጥቂት ጎጆዎች ሳናፈርስ፣ ዝናቡ ባባራ ማለዳ ካሚዮኑ መጣ። ነጂው ቦታውን ያውቀዋል፤ የድሮ ማቆሚያው አይደል? ቀጥ ብሎ ከመሃል ማሳው ገባና ቆመ።

አለቃው ወረደ። አስተርጓሚው ዓይናችንን ሳያይ “አዲስ መንደር ተመሥርቷል ተብሎ ተመዝግቧል” አለ። “ለመንገድ ሥራ ከየቤቱ አንድ አንድ ወንድ ይውጣ ይላል።”

እሜቴ “ይጥራቸዋ” አሉ።

አለቃው ወደ አንዷ ጎጆ ሄደና በጫማው ጫፍ አንኳኳ። ጎጆዋ ተደፋች። ከውስጧ ጭብጥ አመድ ወጣ። ሁለተኛዋን አንኳኳ፤ እሷም ተደፋች፣ የመምሬ ማድጋ ተንከባሎ እግሩ ሥር ቆመ። ፊቱ ከቀይ ወደ ሌላ ቀይ ሲሄድ አየሁ። እጁ ወደ ወገቡ ሄደ። ወልዴ ከፊቴ መጥቶ ቆመ። እኔ የጎጆዬን መቃን ጨብጬ ውዳሴ ማርያም ከየት ጀምሬ የት እንደምጨርሰው ጠፋኝ።

ይህን ጊዜ ነጂው ጮኸ። ሁላችንም ዞርን። ካሚዮኑ እየሰመጠ ነው! ያቺ እንደ ወለል ተሸክማው የከረመች መሬት አሁን አፏን ከፍታለች፤ ጎማውን ውጣ ወደ ሆዱ እየሄደች ነው። ነጂው ሞተሩን ባስጮኸ ቁጥር ይወርዳል። ሶላቶዎቹ ገፉ፣ እነሱም እስከ ጉልበታቸው ገቡ። ሰማዩ ደግሞ እንደገና እየጠቆረ ነው። አለቃው ወደ ገደሉ በኩል ማየት አበዛ፤ በዚያ በኩል ከመሸ በኋላ ማን እንደሚመጣ እሱም እኛም እናውቃለን።

“ሰውና በሬ አምጡ ይላል” አለ አስተርጓሚው። “ሳይመሽ መውጣት አለብን።”

“ከዚያ መንደር ይጥራ” አሉ እሜቴ።

“እሜቴ፣ ስለ እግዚአብሔር!”

“እንግዲያው የልጆቼን ጎጆ አይነካም፣ ከእኛም መንደር ለመንገድ ሥራ የሚወሰድ ሰው የለም። ይህን ይማልልኝና በሬው ይመጣል።”

ልጁ ያን ዕለት ሁለት ቃል አልበቃውም፤ እጁን እያወናጨፈ ብዙ ተናገረ። አለቃው ካሚዮኑን አየ፣ ገደሉን አየ፣ እሜቴን አየ። በእሺታ ራሱን ነቀነቀ። በሬ ተጠመደ፣ ገመድ ታሰረ፣ ሰው ሁሉ ገባ። እሜቴ ከዳር ሆነው የሚጮኹት ግን ስለ ካሚዮኑ አልነበረም። “በዱካው! በጎማው ዱካ ሂዱ! ሌላውን አትርገጡብኝ፣ ገና አሁን ነው የተነፈሰች!” አለቃው በማሳው መሃል ሊያቋርጥ ሲል ምርኩዛቸውን አነሱበት። ያለ አስተርጓሚ ገባው፤ ያ ጌታ ሰውዬ ጫማውን እያነሳ፣ በጎማው ዱካ ላይ እንደ ድመት እየረገጠ ወጣ። ካሚዮኑም ወጣ፤ ዳግመኛ በዚያ በኩል አላየነውም።

ከዚያ ወረደ ዝናቡ። መምሬ ዣንጥላቸውን ዘርግተው ከደጃፋቸው ቆመው ጠበቁ። ውሃው ከሰማይ መጣ፣ ከመሬታችን ደረሰ፣ ገባ፣ ቀረ። መምሬ ግራ እንደገባቸው ሁሉ ትንሽ ቆዩና ዣንጥላቸውን አጥፈው ገቡ። ገብሱም ተዘራ፣ በቀለ፣ አፈራ። ያልበቀለው በሁለቱ የጎማ ዱካዎች ላይ ብቻ ነው፤ እዚያ ላይ ውሃ ቆሞ ከረመ።

ኅዳር ላይ ገብሱ ሲገባ ጎተራው ሞላ። ጎጆዬም የጎጆዬም በር ቀሩልኝ ብዬ የደስታ ቆሎ ቆላሁ። እሜቴ ሊመርቁን መጡ። ጎተራውን ገልጠው እጃቸውን እስከ ክንዳቸው ከተቱት። “የዘንድሮ የእናንተ ገብስ ከእኔ ይበልጣል” አሉ። ከዚያ ከትከሻቸው ላይ ቁርበታቸውን አወረዱና ከምድጃው አጠገብ አነጠፉት።

“እሜቴ፣ ሊያድሩ ነው?” አልኩ።

“የእኔ ማሳ ደክማለች፣ ለሣር ለቅቄያታለሁ። እስክታገግም ከእናንተ ጋር ነኝ። ሁለት ምድጃ ምን ያደርጋል?”

ወልዴን አየሁት። ጉሮሮውን መጥረግ ጀመረ።

“መቼ ነው የምታገግመው እሜቴ?” አልኩ እኔው።

“ሥሩ መውረድ አለበት፣ ትሉ መግባት አለበት፣ እበቱ መብላላት አለበት። መሬት በሰው ጥድፊያ አትድንም” አሉና ጋቢያቸውን ተከናንበው ተጋደሙ። “ይልቅ በሩን ዝጊና ትንሽ ፈቀቅ በይልኝ።”